እጄ ሳላዝዘው ለምን ይንቀሳቀሳል? ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ስለ እጅ መንቀጥቀጥ፣ መወራጨትና መጠማዘዝ ሰዎች ደጋግመው የሚጠይቁኝን ከቀላሉ ጀምሬ እመልሳለሁ።

ጤነኛ ሰው እጁ ይንቀጠቀጣል?

አዎ፤ የሁላችንም እጅ ይንቀጠቀጣል። እጅዎን ወደ ፊት ዘርግተው ጣቶችዎ ላይ አንድ ወረቀት ያስቀምጡ። የወረቀቱ ጫፍ ሲርገበገብ ያዩታል። በሰከንድ ከ8 እስከ 12 ጊዜ የሚደጋገም በጣም ትንሽ እንቅስቃሴ ነው። ያለ ወረቀቱ በዐይን ስለማይታይ ዕድሜ ልካችንን አብሮን ኖሮ አናውቀውም።

ይህን ትንሽ እንቅስቃሴ የሚያጎሉት ነገሮች አሉ። ድንጋጤ፣ ድካም፣ እንቅልፍ ማጣት፣ ቁርስ ሳይበሉ ከአቦል እስከ በረካ የተጠጣ ቡና። ጫትም እንዲሁ ነው፤ ውስጡ ያለው ካቲኖን ሰውነትን የሚያነቃቃው አምፌታሚን ከሚባለው ዕፅ ጋር በሚመሳሰል መንገድ ነው። ለሥራ ቃለ መጠይቅ ገብተው እጅዎ ቢንቀጠቀጥ፣ ቤት ሲደርሱ ደግሞ ቢተውዎት፣ ይህ በሽታ አይደለም።

ሐኪም ጋ ስሄድ ከሁሉ በፊት ምን ይጠይቀኛል?

«መቼ ነው የሚንቀጠቀጠው?» ይልዎታል። ብዙ ሰው «ሁልጊዜ» ብሎ ይመልሳል። ጥያቄው ግን ስለ ሰዓቱ አይደለም። እጅዎ ጭንዎ ላይ አርፎ ሳለ ነው? ስኒ ይዞ ሳለ ነው? ወይስ ወደ አንድ ነገር ተዘርግቶ ሊነካው ሲቃረብ? ማንኛውም ውድ ምርመራ ከመታዘዙ በፊት መንገዱን የሚያሳየው ይህ መልስ ነው። አርፎ ሳለ የሚንቀጠቀጥ እጅ ፓርኪንሰንን ያሳስባል። ሲይዝና ሲሠራ የሚንቀጠቀጠው አብዛኛውን ጊዜ ኢሴንሻል ትሬመር የሚባለው ነው። ሁለቱንም ከታች እመለስባቸዋለሁ። ሊነካው ሲቃረብ እየባሰ የሚሄድ ከሆነ ደግሞ ችግሩ ከጭንቅላታችን በስተኋላ ካለው ከትንሹ አንጎል ሊሆን ይችላል። ስትሮክ፣ ዕጢ፣ መልቲፕል ስክሌሮሲስ የሚባለው የነርቭ ሕመም ወይም ለብዙ ዓመት የተጠጣ አልኮል ይህን ክፍል ይጎዱታል።

ሌላው የእንቅስቃሴው ዓይነት ነው። መንቀጥቀጥ ምት አለው፤ እኩል ይመላለሳል። ምት የሌለው መወራጨት፣ ጡንቻ ተኮማትሮ መጠማዘዝ፣ ድንገት ተነሥቶ መዝለል ሌሎች ሕመሞች ናቸው። ሕክምናቸውም ይለያያል።

አንድ ልመና አለኝ። እጅዎ ሲንቀሳቀስ በስልክ ይቅረጹት። ሐኪም ፊት ሲቀርቡ እጅ ዝም የሚልበት ቀን ብዙ ነው። ሲያርፍ፣ ብርጭቆ ሲይዝ፣ ስምዎን ሲጽፍ የተቀረጸ የአንድ ደቂቃ ቪዲዮ በቃል ከሚነገር ረጅም ታሪክ ይበልጣል።

እጄ ተንቀጠቀጠ ማለት ፓርኪንሰን ያዘኝ ማለት ነው?

አብዛኛውን ጊዜ አይደለም። ፓርኪንሰን ያለበት ሰው እጁ የሚንቀጠቀጠው ሲያርፍ ነው። ተቀምጦ ዜና እያየ አውራ ጣቱና ሌባ ጣቱ መቁጠሪያ እንደያዘ ሰው እርስ በርስ ይታሻሉ። ስኒውን ለማንሳት እጁን ሲዘረጋ መንቀጥቀጡ ይቀንሳል ወይም ይጠፋል። የሚጀምረውም በአንድ በኩል ነው።

መንቀጥቀጡ ብቻውን ግን ፓርኪንሰን አያሰኝም። እንቅስቃሴም ተንቀርፍፎ መገኘት አለበት። የሸሚዝ ቁልፍ መቆለፍ ይከብዳል። ፊርማ እያነሰ ይሄዳል። ሲራመዱ አንዱ እጅ መወዛወዙን ይተዋል። ከዚህ ሁሉ ከዓመታት በፊት የሆድ ድርቀት፣ በእንቅልፍ ልብ መራገጥና መጮኽ ሊኖር ይችላል። ቤት ውስጥ ቡና እየተቆላ ሽታው የማይሸታቸውም አሉ። ከ10 ሕሙማን 3 ያህሉ ደግሞ ሲጀምራቸው ጨርሶ አይንቀጠቀጡም። እኔ ከሁሉ በላይ የማዝነው ለእነዚህ ነው። «ብርድ ነው»፣ «ዕድሜ ነው» እየተባሉ ትከሻቸውን ሲታሹ ዓመታት ያልፋሉ።

ሕመሙን እንግሊዛዊው ሐኪም ጄምስ ፓርኪንሰን በ1817 እ.ኤ.አ. ነበር የገለጸው። መነሻው አንጎል ውስጥ ዶፓሚን የሚባለውን፣ እንቅስቃሴን የሚያስተባብር ንጥረ ነገር የሚሠሩ ሴሎች መሞታቸው ነው። ዋናው መድኃኒት ሌቮዶፓ የጎደለውን ዶፓሚን ይተካል። አያድንም፤ ግን ሰውን ወደ ሥራው ይመልሳል። ሥጋ፣ ወተት፣ እንቁላል ከመድኃኒቱ ጋር አብረው ከተወሰዱ ወደ ሰውነት እንዳይገባ ይሻሙታል። ስለዚህ ብዙ ጊዜ ከምግብ ከግማሽ ሰዓት እስከ አንድ ሰዓት ቀድሞ መዋጥ ይሻላል። ባቄላም በተፈጥሮው ሌቮዶፓ አለው። መጠኑ ግን ከአንዱ ባቄላ ወደ ሌላው ስለሚለያይ በክኒኑ ፋንታ ሊበላ አይችልም። መድኃኒቱን በራስ ፈቃድ በድንገት ማቆም አደገኛ ነው።

አያቴም እናቴም እጃቸው ይንቀጠቀጥ ነበር። በዘር ነው?

ሊሆን ይችላል። ኢሴንሻል ትሬመር የሚባለው ከፓርኪንሰን እጅግ የበዛ ነው። ብዙ ጊዜ ከወላጅ ወደ ልጅ ይተላለፋል፤ በዘር በሚወርድባቸው ቤተሰቦች አንድ ልጅ የመውረስ ዕድሉ ግማሽ በግማሽ ነው። ሁለቱንም እጅ ይይዛል። ሲያርፉ የለም፤ ስኒ ሲይዙ፣ ማንኪያ ሲያነሱ፣ ሲፈርሙ ይመጣል። አንዳንዱ ሰው ላይ ራስ «አይ አይ» የሚል ይመስል ይወዛወዛል፣ ድምፅም ይርገበገባል።

አክስቴ ይህ ነበረባት። ቡና አፍልታ ቀድታ ማቅረብ ያቆመችው በሃምሳዎቹ ዕድሜዋ ነው። ረከቦቱን ለልጆቿ ለቀቀች። ከዚያ ለቅሶ ቤት መሄድ ተወች። ከዚያ ማጉረስ ተወች። ሁላችንም ፓርኪንሰን ነው ብለን በሹክሹክታ እናወራ ነበር። አንድ ጤና ተቋም ውስጥም እጇ በደንብ ሳይታይ የፓርኪንሰን መድኃኒት ተሰጥቷት አንድ ዓመት ያለ ጥቅም ዋጠች። በመጨረሻ አንዲት ሐኪም ብርጭቆ ውኃ አስይዛ፣ ክብ አስላ፣ በ20 ደቂቃ ለየችው። ፕሮፕራኖሎል ተጀመረላት። መንቀጥቀጡ አልጠፋም። ግን ስኒ ግማሽ ድረስ ቀድታ ማቅረብ ቻለች።

ፕሮፕራኖሎል አስም ላለበት ሰው አይሆንም። የልብ ምታቸው ዝግ ያለ ሰዎችም አይወስዱትም። የስኳር መድኃኒት ለሚወስድ ሰው ደግሞ ስኳሩ ሲወርድ የሚሰማውን ምልክት ሊደብቅበት ስለሚችል ጥንቃቄ ይፈልጋል። ሌላው አማራጭ ፕሪሚዶን ነው። መድኃኒት ላልመለሰላቸው ሰዎች አንጎል ውስጥ ቀጭን ሽቦ የማስገባት ቀዶ ሕክምና አለ። ጭንቅላት ሳይከፈት በድምፅ ሞገድ የሚሠራ ሕክምናም አለ፤ አሜሪካ ውስጥ ለዚሁ ሕመም በ2016 እ.ኤ.አ. ተፈቅዷል። እስከዚያው የተሞላ ስኒ አይያዙ፣ ክዳን ያለው ኩባያ ይጠቀሙ፣ ክርንዎን ጠረጴዛ ላይ ያስደግፉ።

አልኮል ስጠጣ መንቀጥቀጡ ይተወኛል። እንደ መድኃኒት ብወስደውስ?

ይህን የሚሉኝ ሰዎች አልተሳሳቱም። ኢሴንሻል ትሬመር በአንድ ብርጭቆ ጠጅ ለአንድ ሁለት ሰዓት ጋብ ሊል ይችላል። ሐኪሞችም ሕመሙን ለመለየት ይጠይቁታል። ግን አልኮሉ ሲወጣ መንቀጥቀጡ ብሶ ይመለሳል። መጠኑም እየጨመረ ይሄዳል። በዚህ መንገድ ሱሰኛ የሆኑ ሰዎች አሉ።

ጠዋት ሲነሡ እጃቸው የሚንቀጠቀጥ፣ አንድ መለኪያ አረቄ ሲቀምሱ የሚተዋቸው ሰዎች ነገር ግን ሌላ ነው። ይህ ሰውነት አልኮል ሲያጣ የሚያሳየው ነው። ከመጨረሻው መጠጥ በኋላ ባሉት ከ6 እስከ 24 ሰዓታት ውስጥ ይጀምራል። በሁለት ቀን ውስጥ መንፈራገጥ ሊመጣ ይችላል። በሁለተኛውና በሦስተኛው ቀን ገደማ ትኩሳት፣ መቃዠትና የሌለ ነገር ማየት ሊከተል ይችላል፤ ይህ ይገድላል። ስለዚህ ለዓመታት በየቀኑ የጠጣ ሰው «በቃኝ» ብሎ ቤቱን ዘግቶ በአንድ ቀን ማቆም የለበትም። ውሳኔው ግሩም ነው። ግን በሐኪም እጅ ይሁን።

የምወስደው መድኃኒት ሊሆን ይችላል?

አዎ፤ ሰው ደግሞ ይህን አይጠረጥርም። የአስም መንፊያ ሳልቡታሞል፣ ለሚጥል በሽታ የሚሰጠው ቫልፕሮኤት፣ ሊቲየም እጅ ያንቀጠቅጣሉ። ለአእምሮ ሕመም የሚሰጡት ሃሎፔሪዶልና ክሎርፕሮማዚን ደግሞ ፓርኪንሰን የሚመስል ነገር ሊያመጡ ይችላሉ። ፊት ይደርቃል፣ አካሄድ ይንቀረፈፋል፣ እጅ ይንቀጠቀጣል። መድኃኒቱ ሲስተካከል አብዛኛውን ጊዜ ይሻላል።

ማስታወክን የሚያስቆመው ሜቶክሎፕራማይድ፣ ብዙዎቻችን ፕላሲል የምንለው፣ ያው ጠባይ አለው። በተለይ ወጣቶች ላይ አንድ ሁለት ቀን ሳይሞላ አንገትና መንጋጋ ሊያጣምም ይችላል። ያየ ሁሉ ይደነግጣል፤ በመርፌ ግን ቶሎ ይፈታል። ለወራት ሲወሰድ ከባዱ ነገር ይመጣል፤ መድኃኒቱ ከቆመ በኋላም የማይለቅ የአፍና የእጅ እንቅስቃሴ ሊያስከትል ይችላል። ከ12 ሳምንት በላይ እንዳይወሰድ ማስጠንቀቂያ አለበት። ለማንኛውም ክኒኖችዎን ሁሉ በፌስታል ይዘው ሐኪም ጋ ይሂዱ። ዘመድ ከውጭ የላከውንም ጨምረው።

እጄ ነው ያመመኝ ብል ለምን ደም ታዘዘ?

አንገት ውስጥ ያለው የታይሮይድ ዕጢ ከመጠን በላይ ሲሠራ እጅ በስሱ ይንቀጠቀጣል፣ ልብ ይመታል፣ ሰውነት ይከሳል፣ ያልባል። እንቅርት ካለብዎት ይንገሩ። ስኳር ሲወርድም እጅ ይንቀጠቀጣል። ጉበት ሲደክም ደግሞ የተዘረጋ መዳፍ እንደ ወፍ ክንፍ ወደቅ ቀና ይላል።

ዕድሜዎ ከ40 በታች ከሆነ አንድ ነገር ይጠይቁ። ዊልሰን የሚባል ብርቅ ሕመም አለ፤ መዳብ ጉበትና አንጎል ውስጥ ይከማቻል። ብርቅ ነው ብዬ ልተወው አልቻልኩም፤ ምክንያቱም ቶሎ ከተገኘ ይታከማል፣ ካልተገኘ ይገድላል።

ልጄ እጇ ይወራጫል፣ ዕቃ ከእጇ ይወድቃል። አስተማሪዋ ረብሸኛ ናት ትላለች። ምን ላድርግ?

አይቆጧት። ሐኪም ቤት ይውሰዷት። ከ5 እስከ 15 ዓመት ያሉ ልጆች፣ በተለይ ሴቶች፣ ከጉሮሮ ሕመም ከሳምንታት ወይም ከወራት በኋላ የሚይዛቸው የሲደናም ኮሪያ የሚባል ሕመም አለ። ልጅቷ ዝም ብላ መቀመጥ ያቅታታል። ፊቷ ይቀያየራል። ጽሕፈቷ ይበላሻል። ያለ ምክንያት ታለቅሳለች። «እጄን ጨብጪ» ሲሏት ጭብጧ እንደምታልብ ሰው ጠበቅ ላላ ይላል። ስትተኛ ሁሉም ይቆማል።

እንቅስቃሴው በራሱ በወራት ውስጥ ይተዋታል። የሚያስፈራው ልቧ ነው። ያው የጉሮሮ ባክቴሪያ የሩማቲክ ትኩሳት ያመጣል፤ የልብ በሮችን ይጎዳል። አገራችን ውስጥ ስንት ወጣት በዚህ የልብ ሕመም ይሠቃያል። ስለዚህ ልቧ በአልትራሳውንድ መታየት አለበት። በየሦስት ወይም በየአራት ሳምንቱ የሚወጋ ቤንዛቲን ፔኒሲሊንም ለዓመታት ያስፈልጋታል። «እጇ ተሻላት» ብለው መርፌውን እንዳያቋርጡ። እንጥል ማስቆረጥም ይህን አያስቀርም፤ ለደም መፍሰስና ለኢንፌክሽን ብቻ ያጋልጣታል። ጉሮሮዋን ሲያማት በጊዜ ፀረ ባክቴሪያ መድኃኒት ማግኘት ነው የሚያስቀረው።

ሕፃኑ ደስ ሲለው እጆቹን ያርገበግባል። ኦቲዝም ነው?

በዚህ ብቻ አይባልም። ደስ ሲላቸው እጃቸውን የሚያርገበግቡ ጤነኛ ልጆች ሞልተዋል። ስሙን ሲጠሩት ዞር ይላል? በጣቱ ጠቁሞ ያሳይዎታል? ቃላት እየጨመረ ነው? እነዚህ ከጎደሉ ይታይ። እጅ ማርገብገቡ ልጁን የሚያረጋጋው ከሆነ እጁን እየያዙ አያስቁሙት።

ሴት ሕፃን ግን እስከ 6 ወይም 18 ወር ድረስ በደንብ አድጋ፣ ከዚያ የያዘችውን ቃልና የእጅ ሥራ ካጣች፣ እጆቿንም እንደሚታጠብ ሰው ደጋግማ ካሸች፣ ሬት ሲንድሮም የሚባለው የጂን ችግር መታሰብ አለበት። ትከሻ መስበቅና ዐይን መርገብገብ የመሳሰሉት በድንገት የሚመጡ ደግሞ ቲክ ይባላሉ። ልጁ ለጥቂት ጊዜ ሊያግደው ይችላል፤ ከዚያ ይብስበታል። እንደ ማስነጠስ ይቁጠሩት። ቢቆጡት አይተወውም።

ስጽፍ ብቻ ጣቶቼ ይጠማዘዛሉ። ሌላ ሥራ ላይ ደህና ነኝ። እንዴት ሊሆን ይችላል?

ይህ ዲስቶኒያ ነው፤ የጸሐፊዎች ዓይነቱ። አንጎል አንዱን ሥራ ለብዙ ዓመት ደጋግሞ ሲያሠራ የዚያ ሥራ ትእዛዝ ይዛባል። እስክሪብቶ ሲይዙ ጣት ይኮማተራል፤ ማንኪያ ሲይዙ ምንም የለም። ልብስ ሰፊዎችና ሙዚቀኞችም ይይዛቸዋል። አጥንት አልወለቀም፤ ስለዚህ ወጌሻ ቢጎትተው ጉዳት እንጂ ጥቅም የለውም። የተኮማተረውን ጡንቻ ብቻ መርጦ በቦቱሊነም መርፌ ማላላት ይቻላል። ወፍራም እስክሪብቶም ይረዳል።

አንድ እጄ በድንገት ይዘልና ከደቂቃ በኋላ ይቆማል። ራሴን ግን አልስትም። የሚጥል በሽታ ሊሆን ይችላል?

ይችላል። የሚጥል በሽታ ሁልጊዜ አይጥልም። አንጎል አንድ ቦታ ላይ ብቻ ሲረበሽ አንድ እጅ ብቻ ሊዘል ይችላል፤ ሰውየው እያየና እያወራ። አንዳንዴ ከአውራ ጣት ተነሥቶ ወደ ክንድ፣ ወደ ፊት ይወጣል። ካቆመ በኋላ እጁ ለሰዓታት ሊዝል ይችላል። አዋቂ ሰው ላይ አዲስ ከመጣ የአንጎል ምስል መነሣት አለበት፤ ዕጢ፣ የቆየ ስትሮክ ወይም የአሳማ ኮሶ ትል እንቁላል አንጎል ውስጥ ያበጀው ቋጠሮ ሊሆን ይችላል። ክብሪት ጭሮ ማሽተት ምንም አይረዳም። የወደቀ ሰው ካለ በጎኑ ያስተኙት፣ አፉ ውስጥ ምንም አይክተቱ።

ዛሬውኑ የሚያስኬዱ ነገሮችም አሉ። ከእንቅስቃሴው ጋር እጁ ከዛለ፣ አፍ ከተጣመመ ወይም ንግግር ከተኮላተፈ ስትሮክ ነው ብለው ይሩጡ። የስኳር ሕመምተኛ የሆኑ አረጋዊ አንድ እጃቸው በድንገት መወራጨት ከጀመረ ስኳራቸው በጣም ወጥቶ ሊሆን ይችላል። ስኳሩ ሲወርድ እጁም ይረጋጋል።

የአባቴ የፓርኪንሰን መድኃኒት ከተጨመረ በኋላ መላ ሰውነታቸው ይወዛወዛል። በሽታው ባሰባቸው?

ምናልባት መድኃኒቱ ነው። ሌቮዶፓ ለዓመታት ሲወሰድ፣ ክኒኑ ሠርቶ ጫፍ በደረሰበት ሰዓት እጅና አንገት እንደ ጭፈራ መወዛወዝ ይጀምራሉ። ቤተሰብ ይህን መንቀጥቀጥ ነው ብሎ ተጨማሪ ክኒን ይሰጣል፤ ይብሳል። ለሦስት ቀን ክኒን የተዋጠበትንና ውዝዋዜው የመጣበትን ሰዓት ደብተር ላይ ይጻፉ። ሐኪሙ መጠኑን የሚያስተካክለው በዚያ ነው። ብዙ ሕሙማን ደርቀው ከመቀመጥ መጠነኛ ውዝዋዜን ይመርጣሉ። ስለዚህ እሳቸውን ራሳቸውን ይጠይቋቸው።

ምርመራው ሁሉ ደህና ነው አሉኝ። ሰው ደግሞ ቡዳ ነው፣ ዛር ነው ይላል። እጄ ግን አልቆመም።

ምስሉ ደህና ነው ማለት የለብዎትም ማለት አይደለም። ኢሴንሻል ትሬመር በኤምአርአይ አይታይም። ፓርኪንሰንም በተለመደው ኤምአርአይ አይታይም። የሚለየው በሐኪም ዐይንና እጅ ነው። ስለዚህ በመጀመሪያ የነርቭ ሐኪም ዘንድ መድረስዎን ያረጋግጡ።

ከዚያም በኋላ የሚቀር አለ። አንዳንድ መንቀጥቀጥ አንጎል ሳይጎዳ አሠራሩ ሲዛባ ይመጣል። በድንገት ይጀምራል። ሐሳብ ወደ ሌላ ሲሄድ ይቀንሳል። ሐኪሙ «በሌላኛው እጅዎ ይህን ምት ያንኳኩ» ሲልዎት የታመመው እጅ ምቱን ይቀይራል ወይም ይቆማል። ይህ ማስመሰል አይደለም። ሰውየው እያደረገው አይደለም፤ እየደረሰበት ነው። ከሐዘን፣ ከጭንቀት ወይም ከአደጋ በኋላ ሊመጣ ይችላል፤ ያለ አንዳች ምክንያትም ይመጣል። ሐኪሙ ያንን የእጅ ፈተና ለራስዎ ሲያሳይዎት ሕክምናው እዚያው ይጀምራል ማለት ይቻላል፤ እጁ መቆም እንደሚችል በገዛ ዐይንዎ ያዩታልና። ከዚያ የፊዚዮቴራፒና የሥነ ልቦና እርዳታ ይከተላል።

ጠበል መሄድ ከፈለጉ ይሂዱ። ክኒንዎን ግን ይዘው ይሂዱ፣ በሰዓቱም ይዋጡ። ከጸበልተኛው መካከል መድኃኒቱን ጥሎ፣ በሦስተኛው ቀን ሰውነቱ ደርቆ በቃሬዛ የወጣ የፓርኪንሰን ሕመምተኛ አይቻለሁ። እሳቸው ዛሬ ደህና ናቸው። መቋሚያቸውን በአንድ እጅ፣ የክኒን ብልቃጣቸውን በሌላው ይዘው ነው ቅዳሴ የሚያስቀድሱት።